ግራና ቀኙ ባልለየለት ነገር ስለ መወሰንና ስለ መናገር
ለአገር ገዢዎች፣ ለወረዳ ሹማምንትና ለባለ መሬቶች የተዘጋጀ ትምህርት

ክፉና ደግ ፊት ለፊት ቆመው ሲታዩ ለመምረጥ ብዙ ትምህርት አያስፈልግም። የሰው ጎተራ ሰብሮ እህል የወሰደ ሌባ መሆኑን፣ ሐሰተኛ ሚዛን ያቆመ ነጋዴ አታላይ መሆኑን፣ ገንዘብ ተቀብሎ ፍርድ ያጣመመ ሹም ጉቦኛ መሆኑን እረኛም ያውቀዋል። ትምህርት የሚያስፈልገው ነገሩ በሁለት ወገን ሲታይ ነው፤ ይኸውም አንዱ ንግድ ሲለው ሁለተኛው ማታለል የሚለው፣ አንዱ እጅ መንሻ ሲለው ሁለተኛው መማለጃ የሚለው፣ አንዱ ምሥጢር መጠበቅ ሲለው ሁለተኛው ሕዝብን ማደናገር የሚለው ነገር ነው። እንዲህ ያለው ነገር በሕግ መጽሐፍ ተለይቶ የማይገኝበት ጊዜ ብዙ ነው፤ ቢገኝም እንኳ ገበያው ቆሞ፣ ሰው ተሰብስቦ፣ ባለ ጉዳዩ መልስ እየጠበቀ ሳለ ሹሙ መጽሐፉን ለመግለጥ ጊዜ አያገኝም። ስለዚህ ልቡን አስቀድሞ ያዘጋጀ ሰው ብቻ በቀና ይወስናል።

ለዚህ ትምህርት ምሳሌ የሚሆነው ምሥራቅ ጎጃም ነው። ሉማሜ የአዋበል ወረዳ ከተማ ስትሆን፣ ከዓባይ በረሃ ወጥቶ በደጀን በኩል ወደ ደብረ ማርቆስ በሚወስደው በታላቁ መንገድ ላይ ትገኛለች። አፈሩ በብዙ ስፍራ ጥቁር ዋልካ ስለ ሆነ ጤፍና ስንዴ ያበቅላል፤ ከእህሉም ብዙው በመኪና ተጭኖ፣ ዓባይን ተሻግሮ፣ ከ200 ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዞ አዲስ አበባ ይገባል። እህሉ ከገበሬው አውድማ ተነሥቶ እስከሚበላበት ቤት ድረስ በብዙ እጅ ያልፋል፤ በእያንዳንዱም እጅ ላይ አንድ ቃል ይነገራል፣ ወይም ሊነገር የሚገባው ቃል ሳይነገር ይቀራል። እንደዚሁም ጎረቤቶቹ ብቸናና ሞጣ በ1960 ዓ.ም. አንድ የመንግሥት ቃል በግማሽ ስለ ተነገረና በግማሽ ስለ ታመነ ብዙ መከራ ያዩ አገሮች ናቸው። ስለ ገበያው አስቀድሞ፣ ስለ መንግሥት ቃል ከዚያ በኋላ ይነገራል።

አንደኛ ክፍል፤ ዝምታ ሐሰት የሚሆንበት ጊዜ

በእህል ገበያ ጤፍ በየዓይነቱ ይሸጣል፤ ማኛ አለ፣ ነጭ አለ፣ ሰርገኛ አለ፣ ቀይ አለ፤ ዋጋውም እንደ ዓይነቱ ይለያያል። አንድ ነጋዴ የማኛ ጤፍ ከላይና ከታች አድርጎ በመካከል ዝቅ ያለውን ጤፍ ቢጨምር፣ ገዢውም ከላይ ያለውን በመዳፉ አይቶ ቢገዛ፣ ነጋዴው «አልዋሸሁም፤ ስለ መካከሉ የጠየቀኝ የለም» ይል ይሆናል። ሌላው ነጋዴ ደግሞ ጤፍ በአዲስ አበባ መወደዱን በስልክ ሰምቶ፣ ለገበሬው ሳይነግር በዕለቱ በሉማሜ ዋጋ ቢገዛ፣ እርሱም «አልዋሸሁም» ይላል። ሁለቱም ዝም ብለዋል፤ ነገር ግን ዝምታቸው እኩል አይደለም።

የመጀመሪያው የደበቀው በሚሸጠው ዕቃ ውስጥ ያለውን ጉድለት ነው። ገዢው ገንዘቡን የሚሰጠው ስለ ዕቃው ስለ ሆነ፣ የዕቃው ጠባይ የገዢው ድርሻ ነው፤ ከእርሱ የደበቀ የእርሱን ገንዘብ ወሰደ። ሁለተኛው የያዘው ግን ከዕቃው ውጭ ያለ፣ በድካምና በወጪ የተገኘ ወሬ ነው። ገበሬውም ልጁን በስልክ ቢያስጠይቅ ሊያገኘው ይችላል፤ ነጋዴውም መኪናው በመንገድ ቢበላሽ ወይም ዋጋው ከመድረሱ በፊት ቢወድቅ ኪሣራው የራሱ ነው። ስለዚህ የገበያን ወሬ ማወቅ የነጋዴ ሙያ ነው እንጂ ማታለል አይደለም። ሆኖም ገበሬው «ጌታዬ፣ በሸገር ዋጋው ስንት ነው?» ብሎ በግልጥ ቢጠይቀውና ነጋዴው ወድቋል ብሎ ቢመልስ፣ ያን ጊዜ ከሙያ ወጥቶ ወደ ሐሰት ገባ። ዋጋውን መናገር ካልወደደ «እሱን ለራሴ ልያዘው» ማለት ይችላል፤ ይህ መልስ አያኮራም፣ አያስነቅፍምም።

ሕጉም ይህን ልዩነት ያውቃል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1704 በተንኰል የተደረገ ውል ሊፈርስ እንደሚችል ይደነግጋል። ቁጥር 1705 ደግሞ ከዚህ አልፎ፣ በተዋዋዮቹ መካከል ልዩ መተማመንና ታማኝነት ያለ እንደ ሆነ በቅን ልቦና ጉድለት ወይም በቸልተኝነት የተነገረ ሐሰት ውሉን ሊያፈርሰው እንደሚችል ይናገራል፤ በዝምታም ቢሆን የሌለውን ነገር እንዳለ አድርጎ ማሳመንን ከዚሁ ይቆጥረዋል። እንግዲህ መተማመኑ እየበዛ ሲሄድ የመናገር ግዴታው ይበዛል ማለት ነው። መንገደኛ ለመንገደኛ ሲሸጥ የማያስጠይቀው ዝምታ፣ የክርስትና አባት ለክርስትና ልጁ፣ የማኅበር ወንድም ለማኅበር ወንድሙ ሲሸጥ ያስጠይቃል።

ይህ ነገር ባለ መሬቶችን በቀጥታ ይነካል። ከየካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. አዋጅ ወዲህ የቀድሞው የባለ ርስትና የጭሰኛ ሥርዓት ቀርቶአል፤ ነገር ግን ጉልበት ያነሰው ባለ ይዞታ፣ ይልቁንም አረጋዊና ባልዋ የሞተባት ሴት፣ መሬታቸውን ለሌላ ገበሬ በእኩል ወይም በኪራይ መስጠታቸው አልቀረም። አንድ ባለ መሬት ማሳው በሐምሌና በነሐሴ ውኃ የሚተኛበት ዋልካ መሆኑን እያወቀ በበጋ ደርቆ ሳለ ቢያሳይና ዝም ብሎ ቢያከራይ፣ ተከራዩ ዘሩንና ማዳበሪያውን በውኃ ያጣል። በበጋ ዓይን የማይታየውን የክረምት ጠባይ የሚያውቀው ባለ መሬቱ ብቻ ነው፤ ስለዚህ ሳይጠየቅ ይንገር። «ይህ ማሳ ውኃ ይተኛበታል፤ በቦይ ካጠነፈፍከው ግን ይሆናል» ቢል ኪራዩ ጥቂት ይቀንስ ይሆናል፤ ነገር ግን በሚቀጥለው ዓመት ሌላ ተከራይ ፍለጋ አይዞርም።

ከሁሉ ይልቅ የሚከብደው የሹም ዝምታ ነው። ነጋዴ ወሬውን በራሱ ወጪ ያገኘዋል፤ ሹም ግን የሚያውቀውን ያወቀው ደብዳቤው በጽሕፈት ቤቱ ስለ ደረሰ ነው። ማዳበሪያ የሚገባበትን ቀን፣ የኅብረት ሥራ ማኅበር ስንዴ የሚገዛበትን ዋጋ፣ መንገድ የሚወጣበትን ስፍራ አስቀድሞ ያወቀ ሹም በዚህ ዕውቀት ለራሱ፣ ለዘመዱ ወይም ለወዳጁ ቢገዛበት ወይም ቢሸጥበት፣ ያዋለው የራሱን ዕውቀት ሳይሆን የመሥሪያ ቤቱን ንብረት ነው። ንብረቱ በመጋዘን እንዳለ ከረጢት በዓይን ስለማይታይ ብቻ የሰረቀ አይመስለውም።

ሁለተኛ ክፍል፤ የክረምት ገንዘብ፤ ሽያጭ ነውን ወይስ አራጣ?

ጤፍ በሐምሌ ተዘርቶ በኅዳርና በታኅሣሥ ይታጨዳል። በመካከሉ ያለው ነሐሴና መስከረም ጎተራ የሚጎድልበት፣ የልጆች ደብተርና ልብስ የሚገዛበት፣ የማዳበሪያም ዕዳ የሚያስጨንቅበት ጊዜ ነው። በዚህ ጊዜ ገንዘብ ያለው ሰው ወደ ገበሬው መጥቶ ያልታጨደውን ጤፍ ይገዛል። ለምሳሌ ያህል ገበሬው በነሐሴ 4000 ብር ተቀብሎ በታኅሣሥ 1 ኩንታል ጤፍ ለማስረከብ ተዋዋለ እንበል። በታኅሣሥ የኩንታሉ ዋጋ 8000 ብር ቢሆን፣ ገንዘብ የሰጠው ሰው በ4 ወር ውስጥ ገንዘቡን ዕጥፍ አደረገው።

በዚህ ነገር ሽማግሌዎች ሁለት ቃል ይናገራሉ። አንዱ «ችግሩን አቃለለለት፤ ባይሰጠው ልጁ ከትምህርት ቤት ይቀር ነበር» ይላል። ሁለተኛው «አራጣ ነው፤ በስሙ ብቻ ሽያጭ ተባለ» ይላል። ሁለቱም ቃል እውነት ስላለው ሹሙ በችኮላ አይፍረድ፤ ይልቁንስ አንድ ነገር ብቻ ይጠይቅ፤ «በረዶ ቢመታው ወይም ዋግ ቢያጠፋው ኪሣራው የማን ነው?» ይበል።

ገዢው «እህሉ ከጠፋ ገንዘቤም ጠፋ» ብሎ የተዋዋለ እንደ ሆነ፣ በእውነት ያልታጨደ እህል ገዝቶአል፤ የበረዶውን፣ የዋጉንና የዋጋውን መውደቅ ፍርሃት ከገበሬው ጫንቃ አውርዶ በራሱ ላይ ስለ ጫነ፣ ለዚህ ሸክም ትርፍ ማግኘቱ አያስነቅፈውም። ትርፉ ከልክ ያለፈ ቢመስልም እንኳ ነገሩ የዋጋ ክርክር ነው። ነገር ግን «እህሉ ቢጠፋም ባይጠፋም ትከፍለኛለህ» የሚል ቃል በውሉ ውስጥ ወይም ከውሉ ውጭ በምስክር ፊት የተነገረ እንደ ሆነ፣ ሸክሙ ሁሉ በገበሬው ላይ ቀርቶአልና ይህ ብድር ነው፤ የተሰጠው 4000፣ የሚመለሰው 8000 ነው። ሕጉ ደግሞ በብድር ላይ ልክ አኑሮአል። የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 2479 ለገንዘብ ብድር የሚደረግ የወለድ ስምምነት በዓመት ከ100 12 እንዳያልፍ ይወስናል፤ በ1996 ዓ.ም. የወጣውም የወንጀል ሕግ የሌላውን ችግር ተጠቅሞ አራጣ ማበደርን በወንጀል ያስቀጣል። ከእነዚህ ሕጎች በፊት ብዙ ዘመን የተዳኘንበት ፍትሐ ነገሥትም አራጣን የሚነቅፍ መጽሐፍ ነው።

እንግዲህ በወረዳው ውስጥ እንዲህ ያለ ውል እንዲጻፍ የሚፈቅድ ሹም የበረዶው ነገር በግልጥ ቃል እንዲጻፍ ያዝዝ። «እህሉ በሰማይ አደጋ ቢጠፋ ገዢው አይጠይቅም» የሚል አንድ መስመር ያልገባበት የክረምት ውል ሁሉ አጠራጣሪ ነው። ይህ መስመር ሲጠየቅ ገዢው እምቢ ካለ፣ ነገሩ ምን እንደ ነበረ ራሱ ነገረን ማለት ነው።

ሦስተኛ ክፍል፤ እጅ መንሻና መማለጃ

ባዶ እጅን ወደ ታላቅ ሰው ቤት አለመሄድ የቆየ ልማድ ነው። ለጥምቀትና ለፋሲካ በግ፣ ለልጅ ክርስትና ማር፣ ለታመመ ሰው ዶሮ ይሰጣል፤ ይህን ሁሉ ጉቦ የሚል ሰው አገሩን አያውቅም። በሌላ በኩል ደግሞ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚል ተረት በአገሩ መኖሩ ልማዱ ምን ያህል እንደ ተበላሸ ያሳያል። ይህ ተረት ሹመትን እንደ መከር ይቆጥረዋል፤ ነገር ግን የሹመት ማሳ የሌላ ሰው ነው፤ ሹሙ ጠባቂ እንጂ አጫጅ አይደለም።

ሁለቱን ለመለየት ሦስት ጥያቄ ይበቃል። አንደኛ፤ ይህ ሰው ሹመቱ ባይኖረኝ ይህን ይሰጠኝ ነበርን? ሁለተኛ፤ ይህን ስጦታ በገበያ መካከል፣ ባላጋራው ቆሞ እያየ ይሰጠኛልን? ሦስተኛ፤ የሰጪው ጉዳይ አሁን በእጄ አለን ወይስ ሊመጣ ነው? የመጀመሪያዎቹን ሁለት «አዎን»፣ ሦስተኛውን «የለም» ብሎ የመለሰ ሰው በጉን ይቀበል፤ በሌላ ዓመት የሰጪው ልጅ ሲዳር ብድሩን ይመልስ። ከሦስቱ በአንዱ ላይ ያመነታ ሰው ግን «ጉዳይዎ በእጄ ሳለ ምንም ልቀበል አይገባኝም፤ ካለቀ በኋላ ቡና እንጠጣለን» ብሎ በክብር ይመልስ። እንዲህ ብሎ መመለስ ባላገሩን አያዋርደውም፤ የሚያዋርደው ተቀብሎ በኋላ መፍረድ ነው። የሙስና ወንጀሎች አዋጅ ቁጥር 881/2007 ለሥራው ሲባል የማይገባ ጥቅም የሚቀበለውን ሹምና የሚሰጠውን ሰው ሁለቱንም ስለሚያስጠይቅ፣ ሹሙ ስጦታውን ሲመልስ ሰጪውንም ከወንጀል እያዳነ ነው።

አራተኛ ክፍል፤ በግማሽ የተነገረ እውነት፤ የብቸናና የሞጣ ነገር በ1960 ዓ.ም.

በጎጃም የመሬት ነገር በአጥንት የሚቆጠር ነው። ርስት ከአቅኚው አባት ለሚወለድ ሁሉ የሚደርስ ስለ ነበረ፣ መሬት መለካት ማለት ለባላገሩ የማን ልጅ መሆኑን እንደ መመርመር ነበር። በ1934 ዓ.ም. የወጣው የመሬት ግብር አዋጅ መሬትን ለም፣ ለም ጠፍና ጠፍ ብሎ ከፍሎ በጋሻ 15፣ 10ና 5 ብር ሲቆርጥ፣ የጎጃም ሕዝብ ልኬታውን እምቢ አለ፤ መንግሥትም ሳይለካ በቀድሞው ግብር ልክ እንዲከፍል ፈቀደ። እንግዲህ «መሬታችን አልተለካም» ማለት በባላገሩ ልብ ከመንግሥት ጋራ እንደ ተደረገ ቃል ኪዳን ሆኖ ተቀመጠ።

በኅዳር 1960 ዓ.ም. የእርሻ ገቢ ግብር አዋጅ ቁጥር 255 ወጣ። አዋጁ ዓሥራትን አስቀርቶ እያንዳንዱ ገበሬ በሚያገኘው ምርት መጠን ግብር እንዲከፍል የሚያዝ ነበር። በአሳቡ ሲታይ ድሀው ጥቂት፣ ሀብታሙ ብዙ እንዲከፍል ስለሚያደርግ ከቀድሞው የተሻለ ነበር። ነገር ግን የእያንዳንዱን ሰው ምርት ለመገመት የማሳውን ስፋትና የያዘውን ሰው ስም መጠየቅና መጻፍ ግድ ነው። ሹማምንት «ግብሩ በእህል ላይ ነው፤ መሬት አይነካም» ሲሉ የሚናገሩት ሐሰት አልነበረም፤ ግን ግማሽ እውነት ነበር። ሕዝቡ የፈራው ግብሩን ብቻ አልነበረም፤ ዛሬ የተጻፈው ማሳ ነገ እንደሚለካ፣ የተለካውም ርስት ከእጁ እንደሚወጣና እርሱም ጭሰኛ እንደሚሆን ፈራ። አንድ ሽማግሌ ተነሥቶ «ጌታዬ፣ መሬቱ አይነካም ካላችሁን ስፋቱን መጻፍ ለምን አስፈለገ?» ብሎ ቢጠይቅ፣ ግማሹን ብቻ የተናገረ ሹም ምን ይመልሳል? ቢቆጣ ጥርጣሬው ይጸናል፤ ዝም ቢል ይበልጥ ይጸናል።

ከዚህም በላይ ሕዝቡ ከአገረ ገዢው ከደጃዝማች ፀሐዩ ዕንቁ ሥላሴ አስተዳደር ጋራ ቀድሞ የቆየ ቅሬታ ነበረው። የሚናገረው ሰው ያልታመነ እንደ ሆነ የሚናገረው እውነት አይታመንም። በብቸና፣ በሞጣና በዳሞት ገበሬዎች ገማቾችን አናስገባም ብለው መሣሪያ አነሡ። መንግሥትም ጦር ላከ፤ በአውሮፕላንም መንደሮች ተደበደቡ፤ ሰው ሞተ፣ ቤት ተቃጠለ። በመጨረሻ ደጃዝማች ፀሐዩ ከጎጃም ተነሡ፤ አዲሱ ግብር በጎጃም ሳይጸና ቀረ፤ የቆየውም ውዝፍ ግብር ለሕዝቡ ተማረ። እንግዲህ መንግሥት ግብሩን አላገኘም፣ ሕዝቡም ሰላሙን አላገኘም። የጠብ ምክንያት ብዙ ነው፤ ጥፋቱን ሁሉ በአንድ ቃል ላይ መጣል አይገባም፤ ነገር ግን ፍርሃቱ አስቀድሞ በስሙ ተጠርቶ መልስ ቢሰጠው ኖሮ ለወሬ ይህን ያህል ስፍራ ባልተገኘም ነበር።

በዚያ ጊዜ ሊነገር ይገባ የነበረው ቃል እንዲህ ያለ ነበር፤ «የታሰበው ግብር በእህላችሁ ላይ ነው። ምርቱን ለመገመት ገማቾች ማሳችሁን ያያሉ፤ ስፋቱንም ጠይቀው ይጽፋሉ። መለካትን እንደምትፈሩ እናውቃለን። ይህ ጽሕፈት የርስት ክርክር ማስረጃ እንዳይሆን የሚከለክል ቃል ከበላይ በጽሕፈት እስኪመጣልን ድረስ ሥራውን አንጀምርም። ወደ ፊት ሌላ ሕግ ይወጣ እንደ ሆነ አናውቅም፤ ስለማናውቀውም አንምልላችሁም።» ይህ ንግግር አራት ነገር ይዞአል። የሚደረገውን ደስ የማያሰኘውን ጭምር ይናገራል፤ የሕዝቡን ፍርሃት በስሙ ይጠራል፤ መተማመኛውን ከሹሙ አፍ ወደ ጽሕፈት ያዛውራል፤ ያልታወቀውንም አልታወቀም ይላል።

ይህ ያለፈ ታሪክ ብቻ አይደለም። በ1989 ዓ.ም. በአማራ ክልል የመሬት ድልድል ተደርጎ ከምሥራቅ ጎጃም ብዙ ባለ ይዞታዎች መሬታቸው ስለ ተቀነሰ፣ ገመድ የያዘ ሰው ወደ መንደር ሲገባ የሚያድረው ፍርሃት መሠረት የሌለው አይደለም። በሌላ በኩል ደግሞ ከ1990ዎቹ ዓመታት አጋማሽ ወዲህ በክልሉ ይዞታ ተመዝግቦ ደብተር ሲሰጥ፣ ልኬታውና ምዝገባው በጎረቤት ፊት እየሆነ ለገበሬው በስሙ የተጻፈ ወረቀት በእጁ ስለ ቀረለት፣ ብዙው ሰው ተቀብሎታል። አንድ ገመድ በ1960 ዓ.ም. ጠብ አስነሣ፤ በኋላ ግን ደብተር አሰጠ። ልዩነቱ ከልኬታው በኋላ ወረቀቱ በማን እጅ እንደሚቀር ነው።

አምስተኛ ክፍል፤ ወደ በላይ ስለሚሄድ ቃል

ሹም ወደ ታች ለሕዝብ እንደሚናገር፣ ወደ ላይ ደግሞ ለአለቆቹ ይናገራል። በዚህም ስፍራ ግራና ቀኙ ያልለየለት ነገር ብዙ ነው። የእህል ግምት ሲጠየቅ «መካከለኛ ነው» የሚል ቃል ለጻፊው ምቹ ነው፤ ቢበዛም ቢያንስም አያስጠይቀውም። ነገር ግን በአንድ ወረዳ ውስጥ ከደጋው አጋማሹ መልካም ሆኖ፣ ወደ ዓባይ በረሃ የወረደው ቀበሌ እህሉ ከጠፋ፣ የሁለቱ መካከለኛ የማንም እውነት አይደለም፤ የደጋው ሰው ጎተራ የቆላውን ሰው አያበላውም።

የዚህ ጥፋት ታላቁ ምስክር በ1965ና በ1966 ዓ.ም. በወሎ የደረሰው ረኃብ ነው። ሰው በየመንገዱ ሲያልቅ መንግሥት ነገሩን ሸሽጎ አቆየው፤ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. የእንግሊዙ ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ያነሣው ፊልም በውጭ አገር ሲታይ ግን ሊሸሸግ የማይችል ሆነ። የአገርን ክብር መጠበቅ የሚል ስም የተሰጠው ዝምታ ብዙ ነፍስ አስከፍሎ፣ ያንኑ ክብር ደግሞ በዓለም ፊት አፈረሰው። ስለዚህ የወረዳ ሹም እህል መጥፋቱን ሲጽፍ አለቃውን የሚያሳዝን ቢመስለውም፣ እውነተኛ ታማኝነቱ በዚያ ወረቀት ላይ ይታያል። ሪፖርቱም በየቀበሌው ተለይቶ፣ በዓይን የታየው «ታየ»፣ የተሰማው «ተሰማ»፣ የተገመተው «ተገመተ» ተብሎ ይጻፍ።

ከበላይ የመጣ ትእዛዝ ሲያጠራጥርም ሁለት ክፉ መንገድ አለ፤ አንዱ እያጉረመረሙ መፈጸም፣ ሁለተኛው ሳይናገሩ መተው ነው። ቀናው መንገድ ጥርጣሬውን በአጭር ጽሕፈት መጠየቅ፣ ሕዝቡ የሚለውን በታማኝነት መግለጥና መልሱን በመዝገብ ማኖር ነው። መልሱ እስኪመጣ ድረስ ሊመለስ የማይችል ነገር፣ ይኸውም ቤት ማፍረስ፣ ከብት መውሰድ፣ ሰው ማሰር የመሰለውን አለማድረግ ይሻላል። የዘገየ ግብር በሚመጣው ዓመት ይሰበሰባል፤ የፈረሰ ቤት ግን በደብዳቤ አይሠራም።

ስድስተኛ ክፍል፤ በአጭሩ የሚያዝ ሥርዓት

ነገሩ ሲያጠራጥር ሹሙም፣ ባለ መሬቱም፣ ነጋዴውም ይህን ቅደም ተከተል ይያዝ።

1ኛ፤ የነገሩን ስም ትቶ ሥራውን ይመልከት። ሽያጭ፣ ስጦታ፣ ምሥጢር የሚሉት ስሞች ልብስ ናቸው፤ የሚታየው ማን እንደ ተጠቀመና ኪሣራው በማን ላይ እንደ ወደቀ ነው።
2ኛ፤ ሌላው ወገን ይህን ቢያውቅ ኖሮ ይስማማ ነበርን ብሎ ይጠይቅ። አይስማማም ከሆነ ይናገር።
3ኛ፤ ዕውቀቱ ከየት እንደ መጣ ይመርምር። በድካሙ ያገኘው የራሱ ነው፤ በሹመቱ ያገኘው የሕዝብ ነው።
4ኛ፤ ከእርሱ ደካማ ከሆነ ሰው ጋራ ሲዋዋል፣ ከእኩያው ጋራ ከሚናገረው ይልቅ አብዝቶ ይናገር።
5ኛ፤ በሥልጣኑ የሌለውን ተስፋ አይስጥ፤ ካፍ ከወጣ አፋፍ ነውና።
6ኛ፤ ያደረገበትን ምክንያት በሁለትና በሦስት መስመር ጽፎ ያኑር። ሊጽፈው የሚያፍርበትን ምክንያት እንደ ምክንያት አይቁጠረው።

ለመመርመሪያ የሚሆኑ ጥያቄዎች

ሀ) አንድ የወረዳ ሹም የምርጥ ዘር ጤፍ ለወረዳው ከሚያስፈልገው በግማሽ እንደሚያንስ በደብዳቤ አወቀ። ነገሩን ቢያስታውቅ ግፊያ ይሆናል፤ ዝም ቢል የቀረበና ዘመድ ያለው ሰው ሁሉን ይወስደዋል። ምን ብሎ፣ መቼና በየት ስፍራ ይናገር?

ለ) አንዲት ባልዋ የሞተባት ሴት መሬቷን በእኩል ለጎረቤቷ ሰጠች። በአውድማው ላይ ጎረቤቷ የማዳበሪያውን ዋጋ አስቀድሞ አውጥቶ የቀረውን ለሁለት ልካፈል አለ፤ ስለዚህ ነገር በመጀመሪያ የተነጋገሩት የለም። ሽማግሌዎቹ በምን ይፍረዱ? በመጀመሪያስ ዝም ማለታቸው የማን ጥፋት ነው?

ሐ) ነጋዴ ለወረዳው ጽሕፈት ቤት ለሕዝብ ጥቅም የሚሆን ሚዛን በነጻ ሰጠ። የእህል መጋዘን ለመሥራት የቦታ ጥያቄውም በዚያው ጽሕፈት ቤት ቀርቦ ውሳኔ ይጠብቃል። ስጦታው የሹሙ ሳይሆን የሕዝብ መሆኑ ነገሩን ያጠራዋልን?

እነዚህን ጥያቄዎች የወረዳው ሹማምንትና የአገር ሽማግሌዎች በአንድነት ተቀምጠው ቢመረምሩአቸው ጥቅሙ የበዛ ይሆናል፤ አሳባቸው ባይገናኝም እንኳ እያንዳንዱ ስለ ምን እንደሚፈራ ሌላው ይሰማልና። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል መባሉ የታወቀ ነው፤ ነገር ግን ሹም ሌሊቱ እስኪነጋ ድረስ ሕዝቡን በጨለማ እንዲያኖር አልተሾመም። የሚያውቀውን በጊዜው ይናገር፤ የማያውቀውን አላውቅም ይበል፤ እንዲህ ያደረገ እንደ ሆነ ክፉ ወሬ ይዞ በሚመጣበት ቀን እንኳ ባላገሩ ቆሞ ይሰማዋል።